የእንዶዱ ሊቅ፤ የፕሮፌሰር አክሊሉ ለማ ሕይወትና ሥራ

በአምባሰል ደገኛ ዘንድ እንዶድን የማያውቅ ሰው የለም። ባጥር ጥግና በገደል አፋፍ፣ በፈረሰ ቤት ዙሪያ እየተጠማዘዘ የሚበቅል ቁጥቋጦ ነው፤ ፍሬውም እንደ ወይን ዘለላ ተያይዞ ይንጠለጠላል። ሳሙና በየገበያው እንደ ልብ ከመገኘቱ አስቀድሞ፣ መስከረም 21 ቀን ለሚውለው ለግሸን ማርያም ክብረ በዓል ወደ አምባው የሚወጣ ምእመን ነጠላውንና ጋቢውን የሚያነጻው በዚሁ ፍሬ ነበር። እናቶች ፍሬውን ያደርቁታል፤ በሙቀጫ ይወቅጡታል፤ በውኃ በጥብጠውም አረፋውን ያወጡታል። ልብሱ ይነጣል፤ እጣቢውም ወደ ወንዝ ይወርዳል። እጣቢው ከወረደ በኋላ በወንዙ ውስጥ ምን እንደሚሠራ ግን ለብዙ ዘመን መርምሮ የጻፈ ሰው አልነበረም።

በእጅ የያዙት ወርቅ ከመዳብ ይቆጠራል ይባላል። ይኸን እንደ መዳብ የተቆጠረ ወርቅ አንሥተው በሚዛን ላይ ያስቀመጡት ፕሮፌሰር አክሊሉ ለማ ናቸው። ስማቸው በአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ሥር ለሚገኝ የምርምር ኢንስቲትዩት መጠሪያ ሆኗል። ይሁን እንጂ ስማቸውን የምናውቅ ብዙዎች ስንሆን ሥራቸውን የምናውቅ ጥቂቶች ነን። የአርትስ ፋኩልቲ ተማሪ ስለ ሳይንስ ሊቅ መጻፉ ከድንበር ማለፍ ይመስል ይሆናል። ነገር ግን የኚህ ሰው ሕይወት የሳይንስ ፋኩልቲ ወንድሞቻችንና እኅቶቻችን ብቻ የሚነጋገሩበት ጉዳይ አይደለም። ዕውቀት የማን ነው? እውነት መሆኑንስ የሚመሰክርለት ማን ነው? ይኸን ጥያቄ ለሁላችንም ስለሚያነሣ ታሪካቸውን ባጭሩ ለማቅረብ ተነሥቻለሁ። አንባቢ እንዳይደናገር፣ ዓመተ ምሕረት ካላልኩ በስተቀር ዓመታቱን በአውሮፓ አቆጣጠር እሰጣለሁ።

አክሊሉ ለማ የተወለዱት መስከረም 7 ቀን 1928 ዓመተ ምሕረት፣ ማለት በሴፕቴምበር 18 ቀን 1935፣ በጅጅጋ ነው። ከተወለዱ ሁለት ሳምንት እንዳለፈ የፋሺስት ጦር በሰሜን መረብን ተሻገረ። ጅጅጋ ደግሞ በደቡብ በኩል የሚመጣው የግራዚያኒ ጦር መንገድ ላይ ነበረች። በ1941 ነፃነት ሲመለስ ሕፃኑ ገና ስድስት ዓመት አልሞላውም ነበር። ጠላት በቆየበት ዘመን በውጭ አገር ተምረው ከተመለሱት ጥቂት ወጣቶች ብዙዎቹ በግፍ ተገድለዋል። ስለዚህ ለዚያ ትውልድ መማር ማለት ኑሮን ማሻሻል ብቻ አልነበረም፤ የተማሩ ልጆቿን ላጣች አገር ምትክ ሆኖ መገኘትም ነበር።

የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ኮሌጅ ሥራ የጀመረው በ1950 ነው። በዚያን ጊዜ ላቅ ያለ የሳይንስ ትምህርት የሚሻ ወጣት ባሕር መሻገር ነበረበት። አክሊሉም ከፍተኛ ትምህርታቸውን በአሜሪካ ተከታተሉ፤ የመረጡትም ክፍል በሰውና በእንስሳ ገላ ውስጥ ስለሚኖሩ ጥገኛ ነፍሳት የሚያጠናው ክፍል ነበር። በመጨረሻም በ1964 ከጆንስ ሆፕኪንስ ዩኒቨርሲቲ የሳይንስ ዶክተርነት ማዕርግ አገኙ። ምርጫቸው ልብ ሊባል ይገባዋል። ጥገኛ ትል የድኻ አገር በሽታ ነው፤ ሀብትም ክብርም በቶሎ አያስገኝም። አክሊሉ ግን የተማሩት ያገራቸውን ሕመም ነበር፤ እንደ ተመረቁም አገራቸው ገቡ፤ በ1961 በተመሠረተው በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዩኒቨርሲቲም ሥራ ጀመሩ።

ታሪኩን ለመረዳት ስለ ቢልሃርዝያ ጥቂት መናገር ያስፈልጋል። በሽታውን የሚያመጣው በደም ሥር ውስጥ የሚኖር ትንሽ ትል ነው። ስሙ የተወሰደው በ1851 በካይሮ ሳለ ትሉን ካገኘው ከጀርመናዊው ሐኪም ከቴዎዶር ቢልሃርዝ ነው። የበሽተኛው ዐይነ ምድር ወይም ሽንት ከውኃ ሲደርስ በውስጡ ያለው የትሉ ዕንቁላል ይፈለፈላል። የተፈለፈለው ፍጥረት ግን ሰውን በቀጥታ ሊይዝ አይችልም፤ አስቀድሞ በውኃ ውስጥ ከሚኖር ከአንድ ዓይነት ቀንድ አውጣ ገላ መግባት አለበት። በዚያ ይባዛና በብዙ ሺህ ሆኖ ይወጣል፤ ከዚህ በኋላ የሰውን ቆዳ በስቶ ይገባል። እንግዲህ ከብቱን የሚያጠጣ እረኛ፣ ውኃ የምትቀዳ ልጅ፣ ልብስ የምታጥብ እናት፣ በመስኖ የሚሠራ ገበሬ ሁሉ ሳያውቁት ይያዛሉ። በሽታው በአንድ ቀን አይገድልም። ዓመት እየቈጠረ ጉበትን ወይም ፊኛን ያበላሻል፤ የሠራተኛውን ጉልበት፣ የተማሪውን አእምሮ ይሰልባል። ሊቃውንት በዓለም ላይ በበሽታው የተያዘውን ሕዝብ ከ200 ሚሊዮን በላይ ይገምቱት ነበር።

በ1960ዎቹ በሽታውን ለመከላከል የነበሩት መንገዶች ጥቂት ነበሩ። መድኃኒቶቹ በሽተኛውን ራሱን የሚያስጨንቁ ነበሩ፤ ንጹሕ ውኃና መጸዳጃ ቤት ለሁሉ ማዳረስ ረጅም ዘመን ይጠይቃል። የቀረው መንገድ መካከለኛውን፣ ማለት ቀንድ አውጣውን፣ ማጥፋት ነበር። ለዚህም በጀርመኑ በባየር ኩባንያ የተሠራ ኒክሎሳማይድ የሚባል ኬሚካል ይገኝ ነበር። ኬሚካሉ ኃይለኛ ነው፤ ዋጋውም እንደዚሁ ኃይለኛ ነው፤ የሚገዛውም በውጭ ምንዛሪ ነው። ወንዙ ደግሞ አንድ ጊዜ ተረጭቶ አይተውም፤ ቀንድ አውጣው ተመልሶ ይራባል፤ ርጭቱም መደጋገም አለበት። የእንዶድ ታሪክ የተጀመረው ይኸ ችግር መውጫ ባጣበት ጊዜ ነው።

በ1964 ዶክተር አክሊሉ ቀንድ አውጣዎቹ በሰሜን ኢትዮጵያ የት የት እንደሚገኙ ለማጥናት ተጓዙ። ዓድዋም ደረሱ። በከተማይቱ በሚያልፈው በአሰም ወንዝ ዳር ሴቶች ልብስ ያጥቡ ነበር፤ የሚያጥቡትም በትግርኛ ሽብቲ በሚባለው በእንዶድ ነበር። ወጣቱ ሊቅ ውኃውን እየተመለከቱ ሲሄዱ አንድ ነገር አስተዋሉ። ከማጠቢያው ቦታ በታች የሞቱ ቀንድ አውጣዎች ከሌላው ስፍራ ይልቅ በዝተው ይታያሉ። ይኸን ያየ ሌላ ሰው ምንም ሳይመስለው ባለፈ ነበር። እርሳቸው ግን ሕያዋን ቀንድ አውጣዎችን ከወንዙ ለቅመው በዕቃ አደረጉ፤ ከአጣቢዎቹም አንዷን ከአረፋው ጥቂት እንድትጨምርበት ለመኗት። ጨመረችበት፤ ቀንድ አውጣዎቹም ሞቱ።

ነገሩ ቀላል ይመስላል። ነገር ግን በዚህች አጭር ሥራ ውስጥ የሳይንስ ዋና ጠባይ ይገኛል። የሞቱትን ማየት ብቻ እንዶድ ገደላቸው ለማለት አያበቃም፤ ሙቀት ወይም ሌላ ቆሻሻ ገድሏቸው ሊሆን ይችላል። ስለዚህ ሊቁ ግምታቸውን እዚያው ወንዝ ዳር ለፈተና አቀረቡት። ሌላም ልብ የሚባል ነገር አለ። የመጀመሪያው ፈተና የተደረገው በሁለት ሰዎች ነው፤ አንዱ ከጆንስ ሆፕኪንስ የመጡ ዶክተር፣ ሁለተኛዋ ፍሬውን እንዴት እንደሚወቅጡትና እንዴት እንደሚበጠብጡት ከእናቷ የተማረች የዓድዋ ሴት። የዶክተሩ ስም በዓለም ታወቀ፤ የእርሷ ስም ግን ከታሪኩ ጋራ አልተጻፈም። ይኸን የምናገረው በሊቁ ላይ ነቀፋ ለመሰንዘር አይደለም፤ እርሳቸው ራሳቸው ግኝቱ ከየት እንደ መጣ ደብቀው አያውቁም። ይልቁንስ ነገሩ በኋላ ለሚመጣው ክርክር መነሻ ስለሚሆን አንባቢ እንዲያስታውሰው ነው።

አዲስ አበባ ከተመለሱ በኋላ ፈተናው በላቦራቶሪ ቀጠለ። ፍሬው ደርቆ ተፈጭቶ በውኃ ሲበጠበጥ፣ በአንድ ሊትር ውኃ ውስጥ በሚሊግራም የሚቈጠር መጠን ቀንድ አውጣዎቹን በአንድ ቀን ውስጥ እንደሚፈጅ ተረጋገጠ። የመጀመሪያው ዘገባቸው በ1965 በኢትዮጵያ የሕክምና መጽሔት ላይ ወጣ። ግኝቱ አስቀድሞ በባዕድ አገር ሳይሆን ባገር ውስጥ መጽሔት መታተሙ በራሱ የሚያኰራ ነው። በ1966ም በዩኒቨርሲቲው ውስጥ የፓቶባዮሎጂን ኢንስቲትዩት መሠረቱ፤ መሪውም ሆኑ። አንድ ሰው ያገኘው ነገር ከሰውየው ጋራ አብሮ እንዳይጠፋ ቤት ሊሠራለት እንደሚገባ የተረዱ ይመስላል። በ1970 ደግሞ በላቦራቶሪና በወንዝ የተደረጉት ፈተናዎች ውጤት በዓለም ጤና ድርጅት መጽሔት ላይ ታተመ።

ታዲያ በፍሬው ውስጥ ያለው ኃይል ምንድን ነው? ይኸን ለማወቅ የኬሚስቶች እርዳታ አስፈለገ። አክሊሉ በካሊፎርኒያ ከሚገኘው ከስታንፎርድ የምርምር ተቋም ሊቃውንት ጋራ ሆነው ንጥረ ነገሩን አስጠኑ። የተገኘውም ሳፖኒን ከሚባሉት ወገን የሆነ ነገር ነው፤ በስማቸውም ለማቶክሲን ተብሎ ተሰየመ። የሳፖኒን ሞለኪዩል ሁለት ጠባይ አለው። አንደኛው ወገኑ ውኃን ይወዳል፤ ሁለተኛው ወገኑ ቅባትን ይወዳል። ስለዚህ ከልብስ ላይ ያለውን ቅባትና እድፍ ይዞ ወደ ውኃ ያወጣል፤ ሲያማስሉትም አረፋ ይሆናል። የሕያው ነገር የሕዋስ ሽፋንም ቅባት መሰል ነገር ስላለበት ያው ሞለኪዩል የቀንድ አውጣውን ገላ ሽፋን ያፈርሰዋል። እንግዲህ ልብሱን የሚያነጣውና ቀንድ አውጣውን የሚገድለው ኃይል ዘመዳሞች ናቸው ማለት ነው።

ከዚህ ይበልጥ የሚያስደንቀው ግን በ1980ዎቹ የታወቀው ነገር ነው። በደረቀው ፍሬ ውስጥ የሚገኘው ሳፖኒን በአብዛኛው ሁለት የስኳር ሰንሰለቶች የተንጠለጠሉበት ነው፤ በዚህ መልኩ ሳለ ቀንድ አውጣን አይገድልም። ፍሬው ተወቅጦ ውኃ ሲነካው በፍሬው ውስጥ ያለ ኤንዛይም አንደኛውን ሰንሰለት ይቈርጠዋል፤ ገዳዩ ንጥረ ነገር የሚገኘው ያን ጊዜ ነው። ፍሬውን በውኃ ፈንታ በአልኮል የሚያሸው ኬሚስት ኤንዛይሙን ሥራ ስለሚያስፈታው የሚያገኘው ደካማውን ዓይነት ነው። ሙቀጫና ዘነዘና፣ ጥቂትም ውኃ፣ ለዚህ ሥራ ከውዱ ፈሳሽ የተሻሉ ሆነው ተገኙ። እናቶች የኤንዛይምን ስም አያውቁም፤ ሥራውን ግን ያሠሩት ነበር።

ከላቦራቶሪ ቀጥሎ ትልቁ ፈተና የመጣው እዚያው ዓድዋ ነው። ከ1969 እስከ 1974 ለአምስት ዓመት ያህል፣ 17,000 ያህል ሕዝብ ይኖርባት በነበረችው ከተማ፣ ወንዞቹ በየጊዜው በእንዶድ እንዲታከሙ ተደረገ። ሥራው ሲጀመር ከከተማው ሕዝብ ከመቶው 63 ያህሉ በሽታው ነበረበት፤ ሲፈጸም ይኸ ቍጥር በግማሽ ገደማ ወርዶ ተገኘ። ይበልጥ የሚያስረዳው ደግሞ የትንንሾቹ ልጆች ውጤት ነው፤ በእነርሱ ዘንድ ከመቶው 50 የነበረው ወደ 7 ዝቅ አለ። ትንሽ ልጅ የቈየ በሽታ ስለሌለበት፣ አዲስ የሚያዘው ሰው ምን ያህል እንደ ቀነሰ የሚያሳየው የእርሱ ቍጥር ነው። ማጥፊያውም ባገር ምድር የበቀለ፣ ባገር ሰው እጅ የተዘጋጀ ነበር።

በዚህ ሥራ ከአክሊሉ ጋራ ሊጠራ የሚገባው ስም ዶክተር ለገሠ ወልደ ዮሐንስ ነው። እንዶድ ሁሉ አንድ አይደለም፤ አንዱ ብርቱ፣ ሌላው ደካማ ነው፤ አንዱን ተባይ ይፈጀዋል፣ ሌላው ይቋቋማል። ዶክተር ለገሠ ከልዩ ልዩ ስፍራ የተሰበሰቡትን ዓይነቶች ጐን ለጐን አልምተው፣ ኃይሉን፣ ምርቱንና ተባይ መቋቋሙን መዝነው ቍጥር 44 የተባለውን ዓይነት መረጡ። የመጀመሪያው ሊቅ ነገሩን አገኙ፤ ሁለተኛው ሊቅ ገበሬ ሊያመርተው የሚችል አዝመራ አደረጉት። ሁለቱ ካልተገናኙ ግኝት በወረቀት ላይ ይቀራል።

ወዳጄ አንባቢ፣ ይኸን ሁሉ ካነበብክ በኋላ እንዶድ ወዲያውኑ በአፍሪካ ወንዞች ሁሉ ሥራ ላይ የዋለ ይመስልህ ይሆናል። አልዋለም። የዓለም ጤና ድርጅት የአክሊሉን ጥናት በመጽሔቱ ያትመው እንጂ፣ እንዶድን ለመንግሥታት ለመምከር ፈቃደኛ ሳይሆን ዓመታት አለፉ። የተሰጠው ምክንያት ፍሬው ለሰውና ለከብት ጉዳት የሌለው መሆኑ በዓለም አቀፍ ደንብ በታወቁ ላቦራቶሪዎች ይረጋገጥ የሚል ነበር። እውነቱን ለመናገር ጥያቄው በራሱ ስሕተት አልነበረም። ሕዝብ በሚጠጣው ወንዝ ላይ የሚፈስ ነገር መመርመር አለበት፤ እንዶድ ዓሣ እንደሚገድልም የታወቀ ነው። ነገር ግን እንዲህ ያለው ምርመራ እጅግ ብዙ ገንዘብ ይጠይቃል። ኒክሎሳማይድን የሚሸጥ ኩባንያ ስላለው ኩባንያው ያስመረምረዋል። በየአጥሩ የሚበቅል ቁጥቋጦ ግን ኩባንያ የለውም፤ ማን ያስመርምርለት? ፈተናውን ባገሩ የሚፈጽመው ሰው ላቦራቶሪው በደንቡ አልታወቀለትም፤ በታወቀው ላቦራቶሪ የሚያስፈጽምበት ገንዘብ ደግሞ የለውም።

አክሊሉ በኋላ ዘመን ይኸን ታሪክ ሲያስቡ፣ ዋናው ዕንቅፋት የሳይንስ ጥያቄ ሳይሆን ከአፍሪካ የሚወጣ የምርምር ውጤት አለመታመኑ ነው ወደሚለው ፍርድ ደርሰዋል። ፍርዱ የከበደ ነው፤ ነገር ግን ሃያ ዓመት በደጅ የቈየ ሰው ፍርድ ነው።

እርሳቸው ግን በማማረር አልተቀመጡም። ከ1970ዎቹ አጋማሽ በኋላ ካገር ወጥተው በተባበሩት መንግሥታት ድርጅት ውስጥ በሳይንስና በቴክኖሎጂ ልማት ጉዳይ ሠሩ፤ በኋላም በፍሎረንስ የሚገኘው የዩኒሴፍ የሕፃናት ዕድገት ማዕከል ምክትል ዳይሬክተር ሆኑ። በነዚህ ዓመታት እንዶድን የአንድ አገር ጉዳይ ከመሆን አውጥተው የአፍሪካ ሊቃውንት የጋራ ጉዳይ አደረጉት። በ1983 በሉሳካ፣ በ1986ም በስዋዚላንድ ስለ እንዶድ ብቻ የሚነጋገሩ ዓለም አቀፍ ጉባኤዎች ተደረጉ፤ የሁለተኛውን ጉባኤ መጽሐፍ ያዘጋጁት ስዋዚላንዳዊቷ የኬሚስትሪ ሊቅ ሊዲያ ማኩቡ ከእርሳቸውና ከሌላ ባልደረባ ጋራ ሆነው ነበር። ያ ሲጠየቅ የኖረው የጉዳት ምርመራም በካናዳ የዓለም አቀፍ ልማት ምርምር ማዕከል እርዳታ፣ በኦታዋው በካርልተን ዩኒቨርሲቲ ሊቃውንት መሪነት ተፈጸመ። ውጤቱ ዐይንን ከመቈጥቈጡ በስተቀር በአጠቃቀም መጠኑ ለሰው የሚያሰጋ አለመሆኑን አሳየ። ዐይንን መቈጥቈጡን ደግሞ እንዶድ የወቀጠች ሴት ሁሉ ቀድማ ታውቀው ነበር።

በ1989 አክሊሉ ለማና ለገሠ ወልደ ዮሐንስ ብዙዎች አማራጩ ኖቤል የሚሉትን የራይት ላይቭሊሁድ ሽልማት በስዊድን በጋራ ተሸለሙ። ከአሰም ወንዝ ዳር ፈተና ሃያ አምስት ዓመት በኋላ መሆኑ ነው።

በተከታዩ ዓመት በ1990 በአሜሪካ የሚገኘው የቶሌዶ ዩኒቨርሲቲ ለአክሊሉ የክብር ዶክተርነት ሰጣቸው። በዚያ ወራት የሰሜን አሜሪካ ታላላቅ ሐይቆች ዜብራ መሰል በተባለ፣ ከአውሮፓ በመርከብ ውኃ ተጭኖ በመጣ ባለ ቅርፊት ፍጥረት ተወርረው ነበር፤ ፍጥረቱ የከተሞችንና የፋብሪካዎችን የውኃ ቧንቧ እየደፈነ ብዙ ኪሳራ ያደርስ ነበር። የዚያው ዩኒቨርሲቲ የባዮሎጂ ሊቅ ሃሮልድ ሊ እንዶድን በፍጥረቱ ላይ ሞከረው፤ ሠራም። ከዚህ በኋላ በ1990ዎቹ መጀመሪያ የአሜሪካ መንግሥት ለዚህ አጠቃቀም የፓተንት መብት ሰጠ፤ ከፈጣሪዎቹ ስም ውስጥ የአክሊሉ ስም ይገኛል። ብዙዎች ግን ጠየቁ። ፍሬውን ያወቁት፣ ዘሩን ያቈዩት፣ አዘገጃጀቱን ያስተማሩት የኢትዮጵያ ሴቶችና ገበሬዎች ከዚህ መብት ምን ድርሻ አላቸው? አንድ ዩኒቨርሲቲ በጥቂት ወራት ሙከራ የሚያገኘውን መብት የብዙ ትውልድ ዕውቀት ስለ ምን አያገኝም?

የእንዶድ ነገር በዓለም ላይ የዚህ ክርክር ምሳሌ ሆኖ ተጠቀሰ። በ1992 የብዝኀ ሕይወት ስምምነት አገሮች በሀብታቸው ላይ ያላቸውን ሥልጣን አጸና። ኢትዮጵያም በ1998 ዓመተ ምሕረት በዐዋጅ ቍጥር 482 የጄኔቲክ ሀብትና የኅብረተሰብ ዕውቀት ከፈቃድና ከጥቅም መጋራት ውጭ እንዳይወሰድ ደነገገች። ለዓድዋዋ አጣቢ ዐዋጁ ዘግይቶ የመጣ ነው፤ ለሚመጡት ግን አልዘገየም።

እዚህ ላይ ያገራችንን ሊቅ ታሪክ ከአንዲት ቻይናዊት ሊቅ ታሪክ ጋራ ማስተያየት ይጠቅማል። በ1967 የቻይና መንግሥት ለወባ መድኃኒት የሚፈልግ አንድ ታላቅ ሥራ ጀመረ፤ ከብዙ ኢንስቲትዩቶች የተውጣጡ በመቶ የሚቈጠሩ ተመራማሪዎችንም አሰማራ። ከእነርሱ አንዷ ቱ ዩዩ በአራተኛው መቶ ዓመት የተጻፈ የባህል ሕክምና መጽሐፍ ሲመረምሩ፣ ቅጠሉ እንደሚቀቀል ሳይሆን በውኃ ተነክሮ እንደሚጨመቅ አስተዋሉ። ሙቀት ኃይሉን ያጠፋዋል ብለው ገምተው በአነስተኛ ሙቀት በኤተር አወጡት፤ በዚህም ዛሬ በዓለም ሁሉ ወባን የሚያክመው አርቴሚሲኒን ተገኘ። ቱ ዩዩ በ2015 የኖቤል ሽልማት ተቀበሉ። ሁለቱ ታሪኮች እንደ መንትያ ይመሳሰላሉ። በሁለቱም የሕዝብ ዕውቀት አለ፤ በሁለቱም የሚያስተውል ዐይን አለ፤ በሁለቱም ምሥጢሩ ያለው በአወጣጡ ዘዴ ላይ ነው። ልዩነቱ የአእምሮ ልዩነት አይደለም። በቻይና ከሊቋ በስተኋላ መንግሥት፣ ላቦራቶሪና ፋብሪካ ቆመው ነበር፤ ራሳቸው ፈትነው፣ ራሳቸው አምነው፣ ራሳቸው ሠሩት። ከአክሊሉ በስተኋላ ግን የነበረው ራሳቸው የመሠረቱት ጀማሪ ኢንስቲትዩት ነው።

ፕሮፌሰር አክሊሉ ለማ መጋቢት 27 ቀን 1989 ዓመተ ምሕረት፣ ማለት በኤፕሪል 5 ቀን 1997፣ በተወለዱ በ61 ዓመታቸው ዐረፉ። ሥራቸው ተፈጸመ ለማለት አይቻልም። እርሳቸው በሕይወት ሳሉ ፕራዚኳንቴል የሚባል የተሻለ መድኃኒት ተገኝቶ የቢልሃርዝያ መከላከያ ዋና መሣሪያ ሆኗል፤ ብዙዎችም ቀንድ አውጣን የማጥፋት ነገር ያለፈበት ነው ብለው ነበር። ነገር ግን መድኃኒቱን የወሰደ ልጅ ወደዚያው ወንዝ ሲገባ ተመልሶ ይያዛል። ስለዚህ የዓለም ጤና ድርጅት በ2017 ስለ ቀንድ አውጣ ማጥፊያዎች አጠቃቀም አዲስ መመሪያ አወጣ፤ ወንዙን መርሳት እንደማይቻል ተመልሶ ታወቀ። የእንዶድ ጥያቄም ከዚህ ጋራ አብሮ ሕያው ነው። በኢትዮጵያ በየጤና ጣቢያው የሚሰጥ የቀንድ አውጣ ማጥፊያ ሆኖ አለመስፋፋቱ የሊቁን ሥራ አያሳንሰውም፤ ያልጨረስነውን ግን ያስታውሰናል።

ከዚህ ሕይወት የምንማረው ሁለት ነገር ይመስለኛል። የመጀመሪያው፣ የተማረ ሰው ወደ ሕዝቡ ሲመለስ አስተማሪ ብቻ ሆኖ መመለስ የለበትም። አክሊሉ ወደ አሰም ወንዝ የወረዱት የዶክተርነት ማዕርጋቸውን ይዘው ነው፤ ነገር ግን የአጣቢዎቹን ሥራ ኋላ ቀር ብለው አላለፉትም፤ ቆመው ተመለከቱት። ያለ ትምህርታቸው የሞተው ቀንድ አውጣ ምን እንደ ሆነ አያውቁም ነበር፤ ያለ ሴቶቹ ደግሞ የሚያዩት ነገር አልነበረም። ሁለተኛው፣ ማየት ብቻ አይበቃም። ያየነውን ራሳችን ካልፈተንነው፣ ፈትነን ካልጻፍነው፣ ጽፈንም በራሳችን ተቋም ካላጸናነው፣ የእውነቱ ምስክርነት ከሌላ ቤት እስኪመጣ በደጅ እንቈያለን፤ ሲመጣም ባለቤትነቱን ይዞ ሊመጣ ይችላል።

ከመካከላችን ለዕረፍት ወደየገጠሩ የሚወርድ ብዙ ነው። አያቶቻችን የሚያውቋቸው ቅጠሎች፣ ሥሮችና ፍሬዎች ያልተጻፉ ናቸው። የእጽዋት ተማሪው ዓይነቱን፣ የኬሚስትሪ ተማሪው ውስጡን፣ የሕግ ተማሪው የባለቤቶቹን መብት፣ የሥነ ጽሑፍና የታሪክ ተማሪው ደግሞ የሚያውቁትን ሰዎች ስምና ቃል ሊጽፍ ይችላል። ይኸ የመጨረሻው የኛ የአርትስ ተማሪዎች ድርሻ ነው፤ ከዓድዋው ታሪክ የጐደለውም እርሱ ነው። ሥራው ገንዘብም ሹመትም አይጠይቅም፤ ደብተርና ትዕግሥት ይበቁታል። እንግዲህ የፕሮፌሰር አክሊሉን ስም ማክበር የምንፈልግ ከሆነ ከዚህ እንጀምር።